የትርንጎ እርጎ እና የዘገየው ረቡዕ

«ተረት ተረት» ብዬ ብጀምር «የላም በረት» እንደምትሉኝ አውቃለሁ። አትድከሙ፤ ዛሬ በረቱም አለ፣ ላሟም ቆማበታለች። የላሟ ስም ቦራ ነው። የባለቤቷ ስም ትርንጎ ነው። መንደራቸው ሰንበሌጥ ሜዳ ይባላል፤ ከትልቅ ተራራ ሥር ነው ያለው። ስለ ተራራው ኋላ እነግራችኋለሁ፤ አሁን ብነግራችሁ አታምኑኝም።

ትርንጎ አንዲት ታናሽ እህት ነበረቻት፤ አንጓች ትባላለች። እናታቸው ስትሞት ሁለቱ በቦራ እናት ተጣሉ። ትርንጎ «ስትታለብ የኖረችው በእኔ እጅ ነው» አለች። አንጓች «ስትጠበቅ የኖረችው በእኔ ዓይን ነው» አለች። ላሟ ከትርንጎ በረት ቀረች። አንጓችም «ከዛሬ ጀምሮ ከቤትሽ ውሃ አልቀምስም» ብላ ወንዝ ተሻግራ አገባች። ከዚያ ወዲህ ትርንጎ «ታናሽ ናት፣ እሷ ትምጣ» ትላለች። አንጓች ደግሞ «የበደለችኝ እሷ ናት፣ እሷ ትምጣ» ትላለች። ወንዙ ከጉልበት አያልፍም ነበር፤ ግን ማንም አልተሻገረውም። ላሟ አርጅታ ሞተች፣ ጥጃዋ ቦራ አድጋ ወልዳ መታለብ ጀመረች፣ ኩርፊያው ግን ጥርሱ እንኳ አልወለቀም።

እናም አንድ ማክሰኞ፣ ከወዲያ ማዶ የመጣ ጨው ነጋዴ በትርንጎ ደጅ ሲያልፍ ቆም አለና «አንጓች ልካኝ ነው» አላት። «ነገ እመጣለሁ፣ እርጎ ይቆየኝ ብላሻለች።»

ትርንጎ ሳቀችም አለቀሰችም። ውሃ አልቀምስም ያለች ሴት እርጎ ይቆየኝ ካለች ሌላ ምን ዕርቅ አለ? ሮጣ ቦራን አለበች። ወተቱን በወይራ ባጠነችው ማሰሮ ገለበጠች፣ አፉን ከደነች፣ አጠገቡ ቁጭ አለች። ሰዓቱ ከቀኑ አሥር ሰዓት ነበር። ትንሽ ቆይታ ቀና ብትል አሁንም አሥር ሰዓት ነው። ላሟን አብልታ ብትመለስ አሥር ሰዓት ነው። ቤቱን ጠርጋ፣ ደጁን ጠርጋ፣ የጎረቤትን ደጅ ጭምር ጠርጋ ቀና ብትል ፀሐይ ከዚያችው ከባሕር ዛፉ ጫፍ ላይ ፈጥጣ ቆማለች።

መንደሩ መጀመሪያ ላይ ደስ ብሎት ነበር። ያላለቀ ሥራ ያለው ሁሉ ሥራውን ጨረሰ። ቀጥሎ ምሳ የበላ ሰው መክሰስ በላ፤ ከመክሰስ ቀጥሎ የሚበላውን ምን ብሎ እንደሚጠራው ጠፋው። ዶሮዎች ወደ ቆጡ ሊወጡ ተሰልፈው ቆመው ቀሩ። ልጆች ጨዋታ ሰልችቷቸው «እስቲ ሥራ እዘዙን» አሉ፤ ከዚህ የበለጠ ክፉ ምልክት ደግሞ የለም። ባለጉዳይን ሁሉ «ነገ ተመለስ» እያለ የሚሸኘው የዳኛው ጸሐፊ ብቻ እግሩን ዘርግቶ ፈገግ ብሎ ተቀመጠ።

ትርንጎን ግን ፍርሃት ያዛት። እህቷን ታውቃታለች። አንጓች ቁጣዋም ርኅራኄዋም የገለባ እሳት ነው፤ ቦግ ይላል፣ ድርግም ይላል። ነገ ቶሎ ካልመጣ ያ የራራ ልብ ተመልሶ ይጠጥራል፤ እርጎውም ዕርቁም ውሃ በላው ማለት ነው። ስለዚህ የማሰሮውን ክዳን አንስታ ወተቱን ተቆጣችው።

«አንተ ወተት፣ ለምንድን ነው የማትረጋው?»

«እኔ የምረጋው በሌሊት ነው» አለ ወተት። «ሌሊት ሳይመጣ ብረጋ እርጎ ብሎ ማን ያምነኛል? ሌሊትን ጠይቂው።»

ትርንጎ መቀነቷን ጠበቅ፣ ነጠላዋን ሰብሰብ አድርጋ ወጣች። ሌሊትን ከተራራው ጀርባ፣ ጥቁር ካባውን ጉልበቱ ላይ አጣጥፎ ተቀምጦ አገኘችው።

«አንተ ሌሊት፣ ምነው ቁጭ አልክ? ወተቴ አልረጋም አለ፣ እህቴ ነገ እመጣለሁ አለች፣ ነገ ከየት ይምጣልኝ?»

«እኔ ሳይጠሩኝ የሰው ቤት አልገባም» አለ ሌሊት ኮራ ብሎ። «ጥላ ረዝሞ መጥቶ እግሬን ሲነካኝ ነው የምነሳው። እስካሁን አልነካኝም። እሱን ጠይቂው።»

ጥላ ከሾላው ዛፍ ሥር እንደ ውሻ ተጠቅልሎ ተኝቷል። ትርንጎ በእግሯ ጎሰም አደረገችው።

«አንተ ጥላ፣ ተነስና ርዘም! ሌሊት አልመጣም አለ፣ ወተቴ አልረጋም አለ፣ እህቴ ነገ እመጣለሁ አለች፣ ነገ ከየት ይምጣልኝ?»

«ደሞ በምኔ ልርዘም?» አለ ጥላ እያዛጋ። «ፀሐይ ዝቅ ስትል ነው እኔ የምረዝመው። ፀሐይ ከፍ ብላ እኔ ብረዝም አገር ይስቅብኛል። እሷን ጠይቂያት።»

ፀሐይን ለማነጋገር ተራራ መውጣት ግድ ነው። ትርንጎ ቁና ቁና እየተነፈሰች ወጣች። አናቱ ላይ ስትደርስ ፀሐይ ፊቷ በላብ ተጠምቆ ታቃስታለች።

«አንቺ ፀሐይ፣ ምነው አትወርጂም? ጥላ አልረዝምም አለ፣ ሌሊት አልመጣም አለ፣ ወተቴ አልረጋም አለ፣ እህቴ ነገ እመጣለሁ አለች፣ ነገ ከየት ይምጣልኝ?»

«ኧረ እኔም እግሬ ነደደ፣ ትርንጎዬ!» አለች ፀሐይ። «መውረድ ማን ይጠላል? ገመዴን ይዘውብኝ ነው እንጂ።»

«የምን ገመድ?»

ፀሐይ ግራ ቀኙን አየችና ድምፅዋን ዝቅ አደረገች። «ምስጢር ነው። እዚህ የቆምሽበት ተራራ ሆድ ውስጥ የውሎና የአዳር ሊቃውንት አሉ። ገመዴ በእነሱ እጅ ነው።»

ይኸውላችሁ፣ ስለ ተራራው እነግራችኋለሁ ብዬ ነበር። እኛ «እንዴት ዋላችሁ፣ እንዴት አደራችሁ» ስንባባል መዋልና ማደር በራሱ የሚሆን ይመስለናል። አይደለም። ቀን እንዲውል፣ ሌሊት እንዲያድር፣ ትናንት የነበረው ኮረብታ ዛሬም ከቦታው እንዲገኝ የሚደክሙ የተማሩ ሰዎች አሉ። ወደ ተራራው ሲገቡ ስማቸውን ከደጅ ጥለው ነው፤ ከዚያ በኋላ የሚጠሩት በሥራቸው ነው። ማንም አያውቃቸውም፣ እነሱም እንዲታወቁ አይፈልጉም። አንድ ድካም ብቻ አለባቸው፤ ከመጠን በላይ ጨዋዎች ናቸው። ይህን ያዙልኝ።

ትርንጎ ተራራውን ዞራ ዞራ በር አጣች። ድንጋይ ብቻ ነው። ሲቸግራት ድንጋዩ ፊት ቆማ እንደ ባልንጀራ ቤት «ቤቶች!» ብላ ተጣራች።

«ደጆች!» አለ አንድ ድምፅ ከድንጋዩ ውስጥ።

ድምፁ ደነገጠ። ከዓለም ፍጥረት ጀምሮ ተደብቆ የኖረ ማኅበር «ቤቶች» ሲሉት አለመመለስ ነውር መስሎት ራሱን አጋለጠ። አንዴ ከመለሱ በኋላ ደግሞ አለመክፈት ሌላ ነውር ነው። ድንጋዩ ገለል አለ።

ውስጥ አንድ ሽማግሌ በሁለት እጃቸው ወፍራም ገመድ ጨብጠው ቆመዋል። አባ ገመድ ይባላሉ። አፍንጫቸው ላይ ዝንብ አርፎባቸው ማባረር አልቻሉም። ትርንጎ በነጠላዋ ጫፍ እሽ አለችላቸው።

«እግዜር ይስጥሽ ልጄ፤ ቆየ እኮ» አሉ።

«አባቴ፣ እባክዎ ገመዱን ያላሉልኝ። ፀሐይ አልወርድም አለች፣ ጥላ አልረዝምም አለ፣ ሌሊት አልመጣም አለ፣ ወተቴ አልረጋም አለ፣ እህቴ ነገ እመጣለሁ አለች፣ ነገ ከየት ይምጣልኝ?»

«ባላላው ደስ ባለኝ፤ እጄ ዝሏል» አሉ አባ ገመድ። «ግን የቀኑ ጠርዝ ሳይቋጭ ፀሐይን ብለቅ ዓለም እንዳልተቋጨ ነጠላ ከጫፉ ይተረተራል። መምህር መርፌ ቋጭቻለሁ ሲሉኝ ነው የማላላው። ከጎኔ ናቸው፣ ጠይቂያቸው።»

መምህር መርፌ በሚቀጥለው ዋሻ እግራቸውን አጣጥፈው ተቀምጠዋል። ዓለም በሙሉ ጭናቸው ላይ ተዘርግታለች፤ ወንዙም፣ ሜዳውም፣ የቦራ በረትም። ዛሬ የነበረውን ከነገ ጋር የሚሰፉት እሳቸው ናቸው።

«መምህር፣ እባክዎ ይቋጩልኝ። ገመድ አልላላም አለ፣ ፀሐይ አልወርድም አለች፣ ጥላ አልረዝምም አለ፣ ሌሊት አልመጣም አለ፣ ወተቴ አልረጋም አለ፣ እህቴ ነገ እመጣለሁ አለች፣ ነገ ከየት ይምጣልኝ?»

«ቀስ በቀስ እንቁላል በእግሩ ይሄዳል» አሉ መምህር መርፌ ቀና ሳይሉ።

«እንቁላሉም እኮ ነገ ካለ ነው፣ መምህር!»

መምህር መርፌ ይህን ሰምተው መነጽራቸውን ወደ ላይ ገፋ አደረጉ። «እውነትሽን ነው። ነገር ግን የመጨረሻዋን ቋጠሮ የምቋጥረው ደወል ስሰማ ነው። ያለ ደወል ብቋጭ ከዛሬው ጥቂት ከውጭ ይቀርብኛል። አንድ ጊዜ እንዲህ ቸኩዬ የአንድ መንደር ምንጭ ከሌላ መንደር ሰፍቼዋለሁ፤ እስከ ዛሬ ወዴት ሄደ እያሉ ይፈልጉታል። እማሆይ ደወልን ጠይቂ። ቶሎ በይ ደግሞ፤ ቀኑ እንዲህ ሲረዝም ጠርዙ ይላላል።»

ትርንጎ ጭናቸው ላይ ያለውን ጨርቅ አየች። ወዲያ ማዶ፣ ከወንዙ ባሻገር ያለው ጫፍ ክሩ ላልቶ ይወዛወዛል። እዚያ ጫፍ ላይ ያለው የአንጓች መንደር ነው። እየሮጠች ወጣች።

እማሆይ ደወል ከአንድ ትልቅ የድንጋይ ደወል ፊት፣ መምቻቸውን ወደ ላይ እንዳነሱ ቆመዋል።

«እማሆይ፣ በእመቤቴ፣ ደወሉን ይምቱልኝ! መርፌ አልቋጭም አለ፣ ገመድ አልላላም አለ፣ ፀሐይ አልወርድም አለች፣ ጥላ አልረዝምም አለ፣ ሌሊት አልመጣም አለ፣ ወተቴ አልረጋም አለ፣ እህቴ ነገ እመጣለሁ አለች፣ ነገ ከየት ይምጣልኝ?»

«እኔም መቼ ጠላሁ፤ ክንዴ ደርቋል» አሉ እማሆይ። «ግን እኔ የምመታው የቀኑ በር ሲዘጋ ነው። በሩ ደግሞ እንደተከፈተ ነው።»

«ለምን አልተዘጋም?»

«እሱን አልጠየቅሁም። እኛ ዘንድ ከጎረቤት አሳልፎ ማየት ነውር ነው። ገመድ መርፌን ያውቃል፣ መርፌ እኔን ያውቃል፣ እኔ በሩን አውቃለሁ። ከበሩ ወዲያ ያለው የእኔ ጉዳይ አይደለም።»

ምን ይባላል? ዓለም በእጃቸው ያለ ሰዎች ሁሉም አንገታቸውን ደፍተው ይጠባበቃሉ፣ «ምን ሆናችሁ?» የሚል ግን አንድ ሰው የለም። እኔ ብሆን እጮህባቸው ነበር። ትርንጎ ግን ከእኔ ትሻላለች፤ እጅ ነስታ ወደ በሩ ሄደች።

በሩ ከጥንት ዝግባ የተሠራ ጠባብ በር ነው፤ በአንድ ጊዜ አንድ ሰው ብቻ ያሳልፋል።

«አንተ በር፣ ተዘጋ እንጂ! ደወል አልጮህም አለ፣ መርፌ አልቋጭም አለ፣ ገመድ አልላላም አለ፣ ፀሐይ አልወርድም አለች፣ ጥላ አልረዝምም አለ፣ ሌሊት አልመጣም አለ፣ ወተቴ አልረጋም አለ፣ እህቴ ነገ እመጣለሁ አለች፣ ነገ ከየት ይምጣልኝ?»

«እንዴት ብዬ ልዘጋ?» አለ በሩ ሲጥ እያለ። «ሁለት ሽማግሌ ደፌ ላይ ቆመው! ብዘጋ አፍንጫቸውን ልቆርጥ ነው? እስቲ አንቺ ለምኛቸው፤ እኔ ደክሞኛል።»

ትርንጎ አንገቷን አስግጋ አየች። አለቃ ማክሰኞ ከበሩ ወዲህ ቆመዋል፤ ቀናቸውን ጨርሰው ሊወጡ ነው። አለቃ ረቡዕ ከበሩ ወዲያ ቆመዋል፤ ቀናቸውን ሊጀምሩ ሊገቡ ነው። ሁለቱም ጎንበስ ብለዋል፣ ሁለቱም እጃቸውን ዘርግተዋል።

«ይግቡ እንጂ፣ አለቃ ረቡዕ» ይላሉ አንዱ።

«ኧረ እርስዎ ይውጡ፣ አለቃ ማክሰኞ» ይላሉ ሌላው።

«ደጄ የመጣ ሰው ቆሞ እኔ ልቅደም? በሞቴ ይግቡ!»

«ፊደል ያስቆጠሩኝ መምህሬ ቆመው እኔ ልቅደም? አፈር ስሆን፣ ይውጡ!»

ነገሩ እንዲህ ነው። የቀድሞው አለቃ ረቡዕ ከአለቃ ማክሰኞ በዕድሜ ይበልጡ ነበርና «ታላቅ ይቅደም» ተብሎ ያለ ክርክር ይገቡ ነበር። እሳቸው አርጅተው ማረፍ ፈለጉ፤ በቦታቸው የአለቃ ማክሰኞ የራሳቸው የድሮ ተማሪ ተሾሙ። የመጀመሪያ ሥራቸው ዛሬ ነው። ባለቤት እንግዳን፣ ተማሪ መምህሩን መቅደም በማኅበሩ ያልታየ ነውር ነው። ስለዚህ ሁለቱ ሲገባበዙ ዓለም አሥር ሰዓት ላይ ቆማ ቀረች። ማር ሲበዛ ይመራል ይሏችኋል ይኼ ነው።

ትርንጎ መሐላቸው ገብታ ጮኸች። «አባቶቼ! በር አልዘጋም አለ፣ ደወል አልጮህም አለ፣ መርፌ አልቋጭም አለ፣ ገመድ አልላላም አለ፣ ፀሐይ አልወርድም አለች፣ ጥላ አልረዝምም አለ፣ ሌሊት አልመጣም አለ፣ ወተቴ አልረጋም አለ፣ እህቴ ነገ እመጣለሁ አለች፣ ነገ ከየት ይምጣልኝ?»

ሁለቱ ሽማግሌዎች ክው አሉ። «ይህ ሁሉ በእኛ ነው?» አሉ አለቃ ማክሰኞ። ፊታቸው በሐፍረት ጠቆረ። ከዚያም ወደ በሩ ዞሩና «ሰምተዋል፣ አለቃ ረቡዕ? እህቷ ትጠብቃለች። ቶሎ ይግቡ!» አሉ።

«ሰምቻለሁ እንጂ!» አሉ አለቃ ረቡዕ። «ስለዚህ ቶሎ ይውጡ!»

ትርንጎ ደፉ አጠገብ ካለው ድንጋይ ላይ ዘፍ ብላ አለቀሰች። ከአንጀት ካለቀሱ እንባ አይገድም፤ እሷም ለእርጎው ብቻ አልነበረም የምታለቅሰው። «እርስዎ ይውጡ፣ እርስዎ ይግቡ» የሚለውን እየሰማች ሳለ ይህን ክርክር ከዚህ በፊት እንደምታውቀው ገባት። ታናሽ ናት፣ ትምጣ። የበደለችኝ እሷ ናት፣ ትምጣ። እነዚህ ቢያንስ አንዱ ሌላውን ለማክበር ነው የቆሙት። እሷና አንጓችስ? የእነሱ ቀን ከእናታቸው ቀብር ጀምሮ መሽቶ አያውቅም።

«አዩ ያደረግነውን» አሉ አለቃ ማክሰኞ ተጨንቀው። «እንግዳችን ደጃችን ላይ ታለቅሳለች፤ ውሃ እንኳ አላቀረብንላትም።»

ትርንጎ ማልቀሷን አቆመች። ፊቷን በነጠላዋ ጠርጋ ቀስ ብላ ተነሳች።

«ምን አሉኝ፣ አባቴ?»

«እንግዳችን አልኩሽ።»

«እንግዲያው ልጠይቅዎ። እንግዳ፣ መምህርና ባለ ተራ በአንድ በር ቢገናኙ ማን ይቀድማል?»

«እንግዳ!» አሉ ሁለቱም በአንድ አፍ። በዚያ ቀን የተስማሙበት የመጀመሪያው ነገር ይህ ነው።

ትርንጎ በሩን አልፋ ወጣች። አለቃ ረቡዕ ከመንገዷ ገለል አሉላት። ወጣ እንዳለች ዞር ብላ እጅ ነሳች። «በሉ ደህና ሁኑ። መንገዱን አላውቀውም፤ ግን እንግዲህ ምን ይደረግ፣ ሊቃውንት እንግዳ አይሸኙም መሰለኝ።»

«ምን ሲደረግ!» አሉ አለቃ ማክሰኞ። ጋቢያቸውን ደረብ፣ ምርኩዛቸውን ብድግ አድርገው ሊሸኟት ተከትለዋት ወጡ። አለቃ ረቡዕ እጅ የሚነሱለት ሰው አጥተው እንደ ጎነበሱ ቀሩ። ግራ አዩ፣ ቀኝ አዩ። ደፉ ባዶ ነው። ቀና አሉና ገቡ።

ረቡዕ ሲገባ በር ተዘጋ። በር ሲዘጋ ደወል ጮኸ። ደወል ሲጮህ መርፌ ቋጨ። መርፌ ሲቋጭ ገመድ ላላ። ገመድ ሲላላ ፀሐይ «እፎይ» ብላ ወረደች። ፀሐይ ስትወርድ ጥላ ረዘመ። ጥላ ሲረዝም የሌሊትን እግር ነካው፤ ሌሊትም ካባውን ደርቦ መጣ። በሰንበሌጥ ሜዳ ዶሮዎች እየተገፋፉ ቆጥ ላይ ወጡ፣ ልጆች «ገና አልተጫወትንም» ብለው አለቀሱ፣ ሰው ሁሉ በሰላም ተኛ። አባ ገመድም አፍንጫቸውን እስኪበቃቸው አከኩ።

አለቃ ማክሰኞ ትርንጎን ተራራውን አወረዷት። «እዚህ ይበቃል፣ ይመለሱ አባቴ» ስትላቸው «ትንሽ ልሸኝሽ» እያሉ ከበረቷ ደጅ አደረሷት። ስትገባ ማሰሮውን አየችው። ወተቱ «ተኛሁ፣ አታነቃንቂኝ» አላት።

ጠዋት እርጎው ረግቶ፣ ማንኪያ ቢያቆሙበት የሚያቆም ሆኖ ተገኘ። ትርንጎ ዋንጫውን አጥባ፣ አዲስ ቀሚሷን ለብሳ ከምድጃው አጠገብ ተቀመጠች። ረፋድ ላይ ከአጥሩ ውጭ የእግር ኮቴ ሰማች። ኮቴው ከደጃፉ ደርሶ ቆመ።

ትርንጎ «ቤቶች!» እስክትባል ጠበቀች። ታላቅ ናት፤ ታላቅ ለታናሽ ወጥቶ አይቀበልም። ውጭ ያለችው ደግሞ «ግቢ» እስክትባል ጠበቀች። ወንዝ ተሻግራ የመጣችው እሷ ናት፤ ከዚህ በላይ ምን ታድርግ? አንዷ ከውስጥ፣ አንዷ ከውጭ፣ ሁለቱም ጆሯቸውን አቁመው ቀሩ። ፀሐይም ከላይ ሆና «ደግሞ ጀመራቸው!» ብላ ሳትፈራ አልቀረችም።

ያን ጊዜ ትርንጎ የሁለቱ ሽማግሌዎች አጎነባበስ ትዝ አላትና ብቻዋን ሳቀች። ተነስታ ደጁን ከፍታ ወጣች። አንጓች ጃንጥላዋን ዘቅዝቃ፣ ፊቷን ወደ መንገዱ መልሳ ቆማለች፤ ልትሄድ አንድ እርምጃ ቀርቷት ነበር።

«አንጓቼ» አለች ትርንጎ። «ላሟ ያንቺም ነበረች። ያኔ ልልሽ ይገባ ነበር። የበደልኩሽ እኔ ነኝ።»

አንጓች ወደ እሷ ዞረች። «እትዬ… እኔም እኮ መንገዱ ጠፍቶኝ አልነበረም» አለችና አንገቷ ላይ ተጠመጠመች። ተላቀሱ፣ ተሳሳሙ፣ እንደገና ተላቀሱ። ቦራ ከበረቷ ሆና «እምቧ» አለች።

በሩ አጠገብ ሲደርሱ አንጓች ቆም አለች። «እትዬ፣ አንቺ ቅደሚ፤ ታላቄ ነሽ።»

«ኧረ አንቺ ቅደሚ፤ እንግዳ ነሽ» አለች ትርንጎ።

«እዚህ ቤት እኔ እንግዳ ነኝ እንዴ?» አለች አንጓች፣ ዓይኗ እንደገና እንባ እየሞላ።

ትርንጎ አየቻት። ከዚያ እጇን በወገቧ ዙሪያ አሳልፋ ሳብ አደረገቻትና ሁለቱም ጎን ለጎን ገቡ። በሩ ጠባብ ነበር፤ የተቃቀፈ ሰው ግን ብዙ ቦታ አይፈጅም። እርጎውንም ከአንድ ዋንጫ እየተቀባበሉ ጠጡት።

አንዳንድ ጊዜ ማክሰኞ ከሰዓት በኋላ አልመሽ ብሎ ቢረዝምባችሁ አትደንግጡ። ሁለቱ ሽማግሌዎች በሩ ላይ እየተገባበዙ ነው። አንዳችሁ ወደ ተራራው ሄዳችሁ «ቤቶች!» ብትሉ ይበቃል።

የእኔ ተረት እዚህ ላይ ደጃፍ ደረሰ። ከእናንተ በፊት መውጣት ደግሞ ነውር ነው፤ ኧረ እናንተ ቅደሙ!